ከካርል እስከ 120፦ ከጀርመን ከባድ ሞርታሮች የትኛው ለምን ሥራ ይሆን ነበር?

የሁለተኛው ዓለም ጦርነት ወሬ ሲነሳ አንድ ክርክር አይቀርም። አንዱ ካርልን፣ የጀርመንን ግዙፍ ሞርታር፣ ይጠራል። ሌላው ዶራን፣ የባቡር መድፏን፣ ያመጣል። ሦስተኛው «ታንክ ላይ የተገጠመውስ?» ይላል። ከዚያ ቁጥር መወራወር ነው። ግን 285 ኪሎ የሚመዝን ሞርታርና 1,350 ቶን የሚመዝን መድፍ ጎን ለጎን አቁሞ «የቱ ይበልጣል?» ማለት የትም አያደርስም። መጀመሪያ መመዘኛው ይውጣ።

እዚህ የምንመዝነው ብረቱን ነው። የናዚ ጀርመን ጦር ምን ሲሠራ እንደነበር የታወቀ ነው፤ ዋርሶ ላይ ስንደርስ እሱንም ዝም ብለን አናልፈውም። ዓመቶቹ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

## በምን እንመዝን?

ኢላማው ምንድን ነው? ሜዳ ላይ የተቆፈረ ምሽግና ሦስት ሜትር ውፍረት ያለው አርማታ አንድ አይደሉም። ለመጀመሪያው ብዙ ትንንሽ ቅንቡላ ይበቃል። ሁለተኛው ላይ ትንሹን ቅንቡላ ቀኑን ሙሉ ብታዘንቡበት ከመፋቅ በቀር ምንም አይሆንም።

ርቀቱ በየትኛው ጥይት ነው የተለካው? ይህን ብዙ ሰው ይዘለዋል። አንድ መሣሪያ ቀላልና ከባድ ጥይት ካለው ሩቅ የሚሄደው ቀላሉ ነው፤ አርማታ የሚበሳው ደግሞ ከባዱ። ወሬ ላይ ግን የቀላሉ ርቀትና የከባዱ ጉልበት አንድ ላይ ይነገራል።

እንዴት እዚያ ይደርሳል? ለእኛ አገር ሰው ይህን ማስረዳት አይከብድም። አፄ ቴዎድሮስ ጋፋት ላይ ያሠሩት ሴባስቶፖልም ሞርታር ነበር። 7 ቶን ገደማ ነው። ሆኖም ከደብረ ታቦር እስከ መቅደላ ለማድረስ ገደል እየተናደ፣ መንገድ እየተሠራ፣ በሺህ የሚቆጠር ሰው እየጎተተ ወራት ፈጅቷል። አሁን ያንን በ17 አባዙትና ካርልን አስቡ።

በጀቱ ስንት ነው? በጀት ስል ገንዘብ ብቻ አይደለም። ስንት ፉርጎ፣ ስንት ክሬን፣ ስንት ሰው፣ ስንት ቀን? ጦርነት ውስጥ የሚያልቀው መጀመሪያ እሱ ነው።

ስንት ማምረት ይቻላል? ሰባት ብቻ ያላችሁ መሣሪያ በሚያስፈልጋችሁ ቀን ሌላ ቦታ ነው የሚገኘው።

## ካርል፦ 60 ሳንቲሜትር

ከካርል ልጀምር፤ ሰው የሚመጣው እሱን ሊያይ ነውና። (በየርዕሱ ያለው ሳንቲሜትር የአፈሙዙ ቀዳዳ ስፋት ነው።)

የጀርመኑ መሣሪያ አምራች ራይንሜታል ሐሳቡን ያቀረበው በ1930ዎቹ አጋማሽ ነው። የታሰበለት ሥራ የፈረንሳይን የማዢኖ መስመር ምሽጎች መስበር ነበር። ስሙን ያገኘው ሥራውን ከደገፈው ከጄኔራል ካርል ቤከር ነው። ማሽኑ ሲደርስ ግን ፈረንሳይ በ1940 ወድቃ ነበር። የተሠራለት ኢላማ ከእሱ በፊት አለቀ። ሰባት ተሠሩ። ስድስቱ ግንባር ወጡ፤ አዳም፣ ኢቫ፣ ቶር፣ ኦዲን፣ ሎኪና ሲዩ የሚል ስም ነበራቸው። ሰባተኛው ለሙከራ ቀረ።

ክብደቱ 124 ቶን፣ ርዝመቱ 11 ሜትር ከምናምን ነው። አፈሙዙ ውስጥ ሰው ተጠቅልሎ ሊገባበት ይችላል። ግን አፈሙዙ አጭር ነው፤ ወደ 5 ሜትር። ብዙ ሰው የሚገርመው እዚህ ላይ ነው፤ ትልቅ መድፍ ረጅም አፈሙዝ ያለው ይመስለዋል። ሞርታር ግን ጥይቱን ቀስ ብሎ ወደ ላይ ይወረውርና ከላይ እንዲወድቅ ያደርጋል። የካርል ከባዱ ጥይት 2,170 ኪሎ ሲሆን ከአፈሙዝ የሚወጣው በሰከንድ 220 ሜትር ነው። ከተራ ሽጉጥ ጥይት ያነሰ ፍጥነት ማለት ነው። ሲበር በዓይን ይታያል። ጉዳት የሚያደርሰው በክብደቱ ነው፤ ሁለት ቶን ብረት ከሰማይ ጣሪያ ላይ ሲወርድ ከ2.5 ሜትር በላይ አርማታ ሰርስሮ ይገባል። ከዚያ ውስጥ ይፈነዳል።

የአተኳኮሱን ሂደት ተከተሉኝ፤ ንድፉ የሚገባው እዚያ ላይ ነው። ማሽኑ በራሱ ሞተር፣ 580 የፈረስ ጉልበት ባለው፣ ወደ ተዘጋጀለት ቦታ ይገባል። ፍጥነቱ ቢበዛ በሰዓት 10 ኪሎ ሜትር ነው። አፈሙዙ ወደ ግራና ቀኝ የሚዞረው ጥቂት ዲግሪ ብቻ ስለሆነ መላው ተሽከርካሪ ወደ ኢላማው ዞሮ መቆም አለበት። ቀጥሎ የሰንሰለቱን መሸከሚያ የሚያዞር መሣሪያ ይንቀሳቀስና ሆዱ ቀስ ብሎ መሬት ላይ ያርፋል። ለምን? ጎማዎቹ ላይ እንደቆመ ቢተኩስ የተኩሱ ርግጫ መሸከሚያውን ይሰባብረዋል። መሬት ላይ ሲቀመጥ ግን ርግጫውን መሬት ይቀበለዋል። እኔ የካርል ምርጥ ሐሳብ የምለው ይህንን ነው፤ አንድ ማሽን ሲጓዝ ተሽከርካሪ፣ ሲተኩስ የመድፍ መቀመጫ ይሆናል።

ከዚያ ጎኑ ሌላ ተሽከርካሪ ይጠጋል። ይሄኛው ከፓንዘር 4 ታንክ የተለወጠ ጥይት ጫኝ ነው፤ ክሬን አለው፤ አራት ጥይት ይይዛል። ክሬኑ አንዱን ያነሳል። አፈሙዙ ለመጉረስ ወደ አግድም ይወርዳል። ጥይቱ ይገፋል፣ ባሩዱ ይገባል፣ አፈሙዙ እንደገና ወደ ላይ ይነሳል፣ ይተኮሳል። አንድ ዙር 10 ደቂቃ ያህል ነው።

እስካሁን ጥሩ። አሁን ችግሩ።

ከባዱ ጥይት የሚሄደው 4.3 ኪሎ ሜትር ብቻ ነው። ቀላሉ፣ 1,700 ኪሎው፣ ከ6 ኪሎ ሜትር ትንሽ ይበልጣል። ይህ ማለት 124 ቶን ማሽን ከነጥይት ጫኙ፣ ከነምድብተኞቹ፣ የጠላት ተራ መድፍ በቀላሉ የሚደርስበት ቦታ ላይ ይቆማል። ጀርመኖቹም ይህ ስላሳሰባቸው በ1941 ረዘም ያለ 54 ሳንቲሜትር አፈሙዝ አዘዙ። ያ 1,250 ኪሎ ጥይት ወደ 10 ኪሎ ሜትር ይልካል። ርቀቱ ተገኘ፤ ክብደቱ ቀነሰ። ሁለቱን አንድ ላይ ማግኘት አልተቻለም።

ጉዞውም አለ። ረጅም መንገድ በራሱ አይሄድም። በባቡር ሲጓዝ ሁለት ልዩ ፉርጎዎች ከፊትና ከኋላ ይዘውት መሀል ላይ ተንጠልጥሎ ነው የሚሄደው። ሐዲድ በሌለበት በክሬን ተፈትቶ በተጎታች ይጫናል። ክሬኑም ራሱ ሌላ ጭነት ነው።

በሰኔ 1942 ቶርና ኦዲን የክራይሚያዋን ሴቫስቶፖል ከተማ ከበው ከነበሩት መድፎች ውስጥ ነበሩ። የሶቪየቶቹን ማክሲም ጎርኪ የተባለ ምሽግ፣ 305 ሚሊ ሜትር መድፍ የተገጠመለትን፣ ቀጥቅጠውታል። ሆኖም ምሽጉን የያዙት በመጨረሻ ፈንጂ ተሸክመው የተጠጉ መሐንዲሶችና እግረኞች ናቸው።

## ዶራና ጋማ፦ በአጭሩ

ዶራ ሞርታር አይደለችም፤ የባቡር መድፍ ናት። ግን ክርክሩ ላይ ሁልጊዜ ስለምትነሳ ትግባ። ክሩፕ የተባለው ሌላው የጀርመን መሣሪያ አምራች የሠራት 80 ሳንቲሜትር ናት። አርማታ የሚበሳው ጥይቷ 7.1 ቶን ነው፤ 38 ኪሎ ሜትር ይሄዳል። ቆማ የምትተኩሰው ጎን ለጎን በተዘረጉ፣ ተጠምዘው በተሠሩ ሐዲዶች ላይ ነው። ለመገጣጠም ብቻ በመቶ የሚቆጠር ሰውና ቀናት ይፈጃል፤ ሐዲድ የሚያነጥፈው ደግሞ በሺህ ይቆጠራል። ይህ ሁሉ ተደርጎ ሴቫስቶፖል ላይ የተኮሰችው 48 ጥይት ነው። ከዚያ በኋላ ይህ ነው የሚባል ሥራ አልሠራችም። የእኔ ምክር አጭር ነው፤ ማንም አይምረጣት።

ጋማ ደግሞ የአንደኛው ዓለም ጦርነት ሽማግሌ ነው። 42 ሳንቲሜትር፣ 140 ቶን ገደማ። አንድ ቶን ጥይት 14 ኪሎ ሜትር ይወረውራል። በ1942 እሱም ሴቫስቶፖል ተጠርቷል። ልብ በሉ፤ ከካርል ርቀት ሁለት እጥፍ በላይ ነው። ግን የራሱ ሞተር የለውም፤ በባቡር ደርሶ ቦታው ላይ ተገጣጥሞ ይተከላል። ከተተከለ ወዲያ ወዲህ የለም።

## መርዘር 18፦ 21 ሳንቲሜትር

ፎቶው ብዙ አይዞርም። ዩቲዩብ ላይም እንደ ካርል አይጮህለትም። ግን ከባዱን ሥራ ሲሠራ የከረመው እሱ ነው።

ሲተኩስ 16.7 ቶን ይመዝናል። 113 ኪሎ ጥይት ወደ 16.7 ኪሎ ሜትር ይልካል። (ሁለቱ ቁጥሮች መመሳሰላቸው አጋጣሚ ነው፤ የጽሕፈት ስህተት አይደለም።) ክሩፕ ከ700 በላይ ሠርቷል። ከካርል ጋር ሲነጻጸር ለእያንዳንዱ ካርል አንድ መቶ መርዘር ማለት ነው።

ንድፉ ውስጥ ሁለት ነገር ያስደስተኛል። አንደኛው ርግጫውን የሚቀበልበት መንገድ ነው። አፈሙዙ በመያዣው ውስጥ ወደኋላ ይንሸራተታል። መያዣው ደግሞ ከነአፈሙዙ በታችኛው መድረክ ላይ ይንሸራተታል። ርግጫው ሁለት ጊዜ ስለሚበርድ መድፉ ከቦታው አይዘልም፤ ደጋግሞ ሲተኩስ እንደ አዲስ ማነጣጠር አይጠይቅም። ሁለተኛው ለተኩስ ሲዘጋጅ ጎማዎቹ ከመሬት ተነስተው ሙሉው መድፍ ክብ መድረክ ላይ መቀመጡ ነው። ከዚያ ጅራቱን ይዞ 16 ቶኑን ወደፈለገው አቅጣጫ ለማዞር አንድ ሰው ይበቃል።

ድክመቱ ከባድ መሆኑ ነው። በረጅም ጉዞ ላይ አፈሙዙ ለብቻ፣ መቀመጫው ለብቻ ይጎተታል። የሩስያ የጸደይ ጭቃ ውስጥ ይህ ቀልድ አይደለም። በዚያው መቀመጫ ላይ 17 ሳንቲሜትር አፈሙዝ ሲገጠም ወደ 30 ኪሎ ሜትር የሚጠጋ ርቀት ስለተገኘ በ1942 ፋብሪካው ወደዚያ አደላ። ተፎካካሪው ከራሱ ቤት ወጣበት።

## ሽቱርምቲገር፦ ሞርታር በታንክ ላይ

ከስታሊንግራድ የጎዳና ውጊያ በኋላ ጀርመኖቹ አንድ ነገር ፈለጉ። ከሕንጻ ጀርባ የመሸገን ጠላት ከነሕንጻው የሚያፈርስ፣ ግን በቅርብ ሲተኮስበት የማይሞት። ታይገር ታንክ ላይ 38 ሳንቲሜትር የሮኬት ሞርታር ተገጠመ። የሞርታሩ ሐሳብ መጀመሪያ ለባሕር ኃይል የታሰበ ነበር።

65 ቶን። የፊት ብረቱ 150 ሚሊ ሜትር። ወደ 350 ኪሎ የሚመዝን ሮኬት ከ5 ኪሎ ሜትር በላይ ይልካል። ሮኬት ከተዘጋ ክፍል ውስጥ ሲነሳ ግን ጋዙ ወዴት ይሂድ? ወደኋላ ከመጣ ምድብተኞቹን ይፈጃል። መልሱ አፈሙዙ ዙሪያ ላይ ነው። ከፊት ለፊት ካያችሁት በክብ የተደረደሩ ትንንሽ ቀዳዳዎች አሉ፤ ጋዙ በእነሱ ወደፊት ይወጣል። ሙዚየም ብትሄዱ መጀመሪያ የምታዩት እሱን ይሁን።

የሚይዘው 14 ጥይት ብቻ ነው። 18 ብቻ ተሠሩ። በ1944 ክረምቱ ላይ ዋርሶ በጀርመኖች ላይ ስትነሳ ይህ ማሽን ተልኮባታል፤ ካርልም አብሮ ተልኳል። ያኔ ኢላማው ምሽግ አልነበረም፤ ሰው የሚኖርበት ከተማ ነበር። የፕሩደንሻል ሕንጻ በካርል ጥይት ሲመታ የሚያሳየው ነሐሴ 28 የተነሳ ፎቶ እስከ ዛሬ ይታያል። በዚያ አመጽ አፈና ከ150,000 በላይ ሲቪል እንዳለቀ ይገመታል። «ትልቁ ሞርታር ምን ያህል ውጤታማ ነበር?» ብሎ ዋርሶን ምሳሌ የሚያደርግ ሰው ይህንን አብሮ ይቁጠር።

## ግራናትቬርፈር 42፦ የ120ው ግልባጭ

አሁን የእኔ ምርጫ።

ጀርመኖች ጦርነቱን ሲጀምሩ የእግረኛው ዋና ሞርታር 81 ሚሊ ሜትሩ ነበር። 3.5 ኪሎ ቅንቡላ፣ 2.4 ኪሎ ሜትር። ሶቪየት ኅብረት ውስጥ ሲገቡ ግን የ1938ቱ 120 ሚሊ ሜትር ሞርታር ገጠማቸው። የሚወረውረው ወደ 16 ኪሎ ነው፤ ርቀቱ 6 ኪሎ ሜትር። መጀመሪያ የማረኩትን ራሱን ተጠቀሙበት። ቀጥሎ ቀዱት። ከ1943 ጀምሮ ከ8,000 በላይ አመረቱ። የሠለጠነ የመድፍ ኢንዱስትሪ የጠላቱን ሞርታር እንዳለ ሲገለብጥ ከዚህ በላይ ምስክር አያስፈልግም።

ለምን ጥሩ ሆነ? ቀላል ስለሆነ። ውስጡ ለስላሳ ቱቦ፣ ሁለት እግር፣ ክብ የብረት መቀመጫ። እንደ መድፍ ርግጫ የሚያበርድ ዘይት የለ፤ ርግጫው በመቀመጫው በኩል ቀጥታ መሬት ውስጥ ይገባል። ቅንቡላው ክንፍ ስላለው ቱቦው መጠምዘዣ መስመር አያስፈልገውም። ለተኩስ ሲቆም 285 ኪሎ ነው። ለጉዞ ሁለት ጎማ ይገባለታል። መኪና ይጎትተዋል፣ ፈረስ ይጎትተዋል፣ ጉዳዩ ከጠና ሰውም ይገፋዋል።

አንድ ንጽጽር ብቻ ላሳያችሁ። የጀርመን ክፍለ ጦር ዋና መድፍ የነበረው 105 ሚሊ ሜትሩ ሃውዘር 14.8 ኪሎ ጥይት ነው የሚተኩሰው። ክብደቱ ሁለት ቶን ገደማ። ሞርታሩ ከዚያ የሚበልጥ ቅንቡላ በሰባተኛው ክብደት ይወረውራል። ሃውዘሩ በርቀት ይበልጠዋል፤ ወደ 10.7 ኪሎ ሜትር ይደርሳል። ለእግረኛ ሻለቃ ግን 6 ኪሎ ሜትር ይበቃዋል፤ ዋናው ነገር መሣሪያው አጠገቡ መሆኑ ነው።

ከካርል ጋርም እናስላው። ካርል አንድ ጥይት እስኪያጎርስ 10 ደቂቃ። በደቂቃ 8 ብንል እንኳ ሞርታሩ በዚያ ጊዜ 80 ቅንቡላ ማለት ነው፤ ከ1.2 ቶን በላይ። ሁለት ሞርታር ካላችሁ የካርልን ከባድ ጥይት አለፋችሁ። እርግጥ ነው ያን ያህል ጊዜ በዚያ ፍጥነት መተኮስ ቱቦውን ያግለዋል፤ ጥይቱንም የሚያቀርብ ሰው ያደክማል። አርማታ ላይም ምንም አያመጣም። ሜዳ ላይ ላለ ጠላት ግን ልዩነቱ ግልጽ ነው።

## ሰንጠረዡ

| መሣሪያ | ክብደት | የጥይት ክብደት | ርቀት | የተሠራው ብዛት | ምን ይችላል |
|---|---|---|---|---|---|
| ግራናትቬርፈር 42 (12 ሴ.ሜ.) | 285 ኪ.ግ. | 15.8 ኪ.ግ. | 6 ኪ.ሜ. | ከ8,000 በላይ | ሜዳና ጫካ፤ አርማታ አይችልም |
| መርዘር 18 (21 ሴ.ሜ.) | 16.7 ቶን | 113 ኪ.ግ. | 16.7 ኪ.ሜ. | ከ700 በላይ | የጠላት መድፍ፣ መካከለኛ ምሽግ |
| ሽቱርምቲገር (38 ሴ.ሜ.) | 65 ቶን | 350 ኪ.ግ. ገደማ | ከ5 ኪ.ሜ. በላይ | 18 | ሕንጻ በቅርብ |
| ካርል (60 ሴ.ሜ.) | 124 ቶን | 2,170 ኪ.ግ. | 4.3 ኪ.ሜ. | 7 | ወፍራም አርማታ |
| ካርል (54 ሴ.ሜ.) | 124 ቶን ገደማ | 1,250 ኪ.ግ. | 10 ኪ.ሜ. ገደማ | ተለዋጭ አፈሙዝ | አርማታ፣ ከራቀ ቦታ |
| ዶራ (80 ሴ.ሜ.) | 1,350 ቶን | 7,100 ኪ.ግ. | 38 ኪ.ሜ. | በጣም ጥቂት | ጥልቅ ምሽግ፣ ሐዲድ ካለ |

## እንግዲህ ማን የቱን ይምረጥ?

መንገድ ለሌለው፣ ነዳጅ ላጠረው፣ ግንባሩ በየቀኑ ለሚቀያየርበት ጦር 120ው ያለ ክርክር። ብረቱ ርካሽ ነው፤ ምድብተኛ ለማሠልጠንም እንደ ሃውዘር አያንገላታም።

ጎታች መኪናና ደህና መንገድ ካለ፣ የሩቅ መድፍ ዝም ማሰኘት ከተፈለገ መርዘር 18። ለከባድ መሣሪያ አንድ ቦታ ብቻ ካላችሁ እሱን ውሰዱ።

ካርል የሚያዋጣው አራት ነገር ሲሟላ ነው፦ የማይንቀሳቀስ ወፍራም ምሽግ፣ ቅርብ ሐዲድ፣ ሰፊ ጊዜና ንጹሕ ሰማይ። አራተኛው በተለይ። 124 ቶን ማሽን ክሬን ተደግኖበት ሲገጣጠም ከአውሮፕላን መደበቅ የለም። ሴቫስቶፖል ላይ አራቱም ነበሩ። ከ1943 በኋላ ግን ሰማዩ የጀርመን አልነበረም። ከአራቱ አንዱ ከጎደለ ገንዘቡን 120 ላይ አውሉት።

ሽቱርምቲገርን አልመክርም። ሥራውን የሚችል ነበር፤ ግን ለእያንዳንዱ አንድ ታይገር ታንክ ይበላል፤ 14 ጥይት ሲተኩስ ባዶ ሳጥን ነው።

የጦርነት ጌም ለሚጫወቱ፦ ጌሙ ነዳጅና ባቡር የሚያስቆጥር ካልሆነ ካርል ሁልጊዜ ያሸንፋል። የሚያስቆጥር ከሆነ ሁለት ዙር ሳይሞላ ትጸጸታላችሁ።

ሞዴል ለሚገጣጥሙ ደግሞ መጠኑን ቀድማችሁ አስሉ። በ1/35 ካርል 32 ሳንቲሜትር ይሆናል፤ መደርደሪያ ላይ ይቀመጣል። በ1/72 ከሆነ 15 ሳንቲሜትር ተኩል። ዶራን በ1/35 ከመረጣችሁ ከ1.3 ሜትር በላይ ስለምትሆን ከቤት ሰው ጋር ቀድማችሁ ተነጋገሩ። እውነተኛውን ማየት ለሚፈልግ ከካርል የተረፈው ሞስኮ አጠገብ ኩቢንካ ነው ያለው። ሽቱርምቲገር እዚያም አለ፣ ጀርመን ውስጥ ሙንስተር የታንክ ሙዚየምም አለ።